ስኳሩ አፕሉ ውስጥ አለ

በአማርኛችን «ስኳር» ብለን የምንጠራቸው ነገሮች ሁለት ናቸው። አንደኛው ሻይ ላይ የምንጨምረው ነው። ሁለተኛው እናቴ ከሁለት ዓመት በፊት ተመርምራ የተነገራት በሽታ ነው። ከዚያን ቀን ጀምሮ እናቴ ሻይዋን ያለ ስኳር ትጠጣለች። ፊቷን ቅጭም ታደርጋለች እንጂ አንድም ቀን ስታማርር አልሰማኋትም።

አንድ እሑድ ከሰዓት በኋላ የ11 ወር ልጄን እያበላችልኝ ነበር። በብልቃጥ የሚሸጠው የሕፃናት ምግብ ዋጋው አልቀመስ ስላለኝ አፕል ገዝቼ፣ ቀቅዬና ፈጭቼ በራሴ እጅ ያዘጋጀሁትን ነበር የምታበላት። ከወጥ ቤት ስመለስ እናቴ ሳህኑ ላይ አንድ የሻይ ማንኪያ ስኳር ነስንሳ ስታማስል ደረስኩ።

«እማዬ፣ ምን እያደረግሽ ነው?»

«ምን አደረግሁ? አፏን ላጣፍጥላት ብዬ ነው። ይሄ እኮ ውሃ ውሃ ይላል።»

«አንቺን የከለከሉሽን ለእሷ ትሰጫለሽ?» አልኳት ሳላስብ።

ማንኪያውን ቀስ ብላ አስቀመጠች። ምንም አልመለሰችልኝም። ነጠላዋን አንሥታ ወጣች፤ ሁለት ቀን ሙሉ ስልክ አልደወለችም። በየቀኑ ጠዋት ለምትደውል እናት ሁለት ቀን ረጅም ነው።

በሁለተኛው ቀን ማታ የተረፈውን አፕል ከፍሪጅ አውጥቼ ቀመስኩት። እናቴ እውነቷን ነበር፤ ውሃ ውሃ ይላል። እኔ ስለ ስኳር የተናገርኩት ትክክል ቢሆንም የሠራሁት ምግብ አይጥምም ነበር። ያልጣመ ምግብ ላይ ደግሞ አያት ስኳር ብትጨምር ምን ይገርማል? በማግስቱ እኔው ደወልኩላት። «እማዬ፣ አፕሉን አንድ ላይ እንሥራው፤ አሳዪኝ» አልኳት። ከዚህ በታች የምታነቡት ከዚያ ቀን ጀምሮ የተማርነው ነው።

ለምን ያለ ስኳር?

አንድ መካከለኛ አፕል (180 ግራም ገደማ) በውስጡ 19 ግራም አካባቢ የራሱ ስኳር አለው። አንድ የሻይ ማንኪያ ስኳር 4 ግራም ገደማ መሆኑን ስናስብ፣ አፕል ከበቂ በላይ ጣፋጭ ሆኖ የተፈጠረ ፍሬ ነው። ልዩነቱ የአፕሉ ስኳር ብቻውን አለመምጣቱ ነው፤ ከፋይበርና ከብዙ ውሃ ጋር ስለሚመጣ ሆድ ይሞላል።

የዓለም የጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2015 ባወጣው መመሪያ፣ ምግብና መጠጥ ላይ የምንጨምረው ስኳር፣ ማርና የፍራፍሬ ጭማቂ ውስጥ ያለው ስኳር ተደምሮ በቀን ከምናገኘው ኃይል ከ10 በመቶ በታች እንዲሆን ይመክራል፤ ከ5 በመቶ በታች ቢሆን ደግሞ የተሻለ ነው ይላል። በቀን 2,000 ካሎሪ ለሚያስፈልገው አዋቂ ሰው 10 በመቶው 50 ግራም ነው፤ ወደ 12 የሻይ ማንኪያ። ሻይ፣ ለስላሳና ብስኩት ሲደመሩ እዚያ መድረስ ከባድ አይደለም። ሙሉ ፍሬ ውስጥ ያለው ስኳር ግን በዚህ ሂሳብ ውስጥ አይገባም።

ለሕፃናት ሌላም ምክንያት አለ። ሕፃን ሲወለድ ጀምሮ ጣፋጭ ይወዳል፤ ይህን ማስተማር አያስፈልገውም። የሚያስፈልገው ሌላውን ጣዕም መልመድ ነው። አንድን አዲስ ምግብ እስኪቀበል ድረስ 10 ጊዜና ከዚያም በላይ ማቅመስ ሊያስፈልግ ይችላል። በመጀመሪያው ቀን ፊቱን ስላጨማደደ ስኳር ከጨመርንለት ግን የሚለምደው አፕሉን ሳይሆን ስኳሩን ነው።

የጥቅሉን ጀርባ አንብቡ

የምተዳደረው በማርኬቲንግ ሥራ ነው። «ተፈጥሯዊ»፣ «በፍራፍሬ የበለጸገ»፣ «ለልጅዎ ምርጥ» የሚሉት ቃላት እንዴት እንደሚመረጡ አውቃለሁ፤ ስብሰባ ላይ ተቀምጬ መርጫለሁ። ስለዚህ ምክሬን ከውስጥ አዋቂ እንደመጣ ቁጠሩልኝ። የጥቅሉን ፊት የምንጽፈው ዕቃው እንዲሸጥ ነው፤ ውስጡ ያለው የሚነበበው ከጀርባው ነው።

እዚያ የተዘረዘሩት ግብዓቶች አብዛኛውን ጊዜ ከብዙ ወደ ጥቂት በክብደታቸው ቅደም ተከተል የሚጻፉ ናቸው። ስኳር በሁለተኛነት ከተጻፈ መጠኑ ብዙ ነው ማለት ነው። ስሙም አንድ ብቻ አይደለም። ግሉኮስ ሲረፕ፣ ፍሩክቶስ፣ ዴክስትሮስ፣ እንዲሁም ኮንሰንትሬት የተደረገ የፍራፍሬ ጭማቂ ሁሉም የተጨመረ ስኳር ናቸው። «ስኳር ያልተጨመረበት» እና «ስኳር የሌለበት» የሚሉትም አንድ አይደሉም፤ ከአፕል የተሠራ ነገር ሁሉ የራሱ ስኳር ይኖረዋል።

የትኛው አፕል ይሻላል?

የእኔ የመጀመሪያ ስህተት ከመግዛቱ ይጀምራል። አረንጓዴውን ብቻ ገዝቼ ነበር። አረንጓዴው (ግራኒ ስሚዝ የሚባለው) ኮምጣጣ ስለሆነ ብቻውን ሲቀቀል ስኳር ያስመኛል። ቀዩ ወይም ቢጫው ብቻውን ሲሆን ደግሞ ይጣፍጣል እንጂ ለዛ ያጣል። ጥሩው ሁለቱን ማቀላቀል ነው፤ ለሦስት ጣፋጭ አንድ ኮምጣጣ። ትንሽ የተጨማደደ፣ የበሰለና መዓዛው የሚሸት አፕል ለዚህ ሥራ ከሚያብረቀርቀው ይሻላል። የበሰበሰ ወይም የሻገተ ካለ ግን ጣሉት።

የአገራችንን አፕል ካገኛችሁ ደግሞ እሰየው። አፕል ቅጠሉን አራግፎ የሚያርፍበት ብርድ ይፈልጋል፤ ለዚህም ነው ከአርባ ምንጭ በላይ ባሉት የጋሞ ደጋዎች፣ በተለይ ጨንቻ አካባቢ፣ ተስማምቶት የበቀለው። የጨንቻ አፕል መጠኑ ከውጭ ከሚመጣው ሊያንስ ይችላል፤ ተቀቅሎ ለሚላም ነገር ግን መልክና ቁመት ምን ያደርጋል?

አሠራሩ

የሚያስፈልገው ይህ ነው፦

• 1 ኪሎ አፕል (ከ5 እስከ 7 ፍሬ)
• ግማሽ ኩባያ ውሃ (ከ120 ሚሊ ሊትር አይብለጥ)
• አንድ የሻይ ማንኪያ የሎሚ ጭማቂ
• አንድ ቁራጭ ቀረፋ፣ ከወደዳችሁ

1. አፕሉን በደንብ እጠቡ፤ ላጡ፤ ፍሬውንና ጠንካራውን መሐሉን አውጡ። በብሌንደር የምትፈጩት ከሆነ ልጣጩን መተው ትችላላችሁ፤ ፋይበሩም ይጨምራል፣ የቀዩ ልጣጭ ደግሞ ደስ የሚል ሮዝ ቀለም ይሰጠዋል።

2. እኩል እኩል አድርጋችሁ ክተፉ። አንዱ ትልቅ ሌላው ትንሽ ከሆነ አንዱ ሲላም ሌላው ጥሬ ይቀራል። የተከተፈው እንዳይጠቁር ሎሚውን ወዲያው እሹበት።

3. ታቹ ወፈር ባለ ድስት ውስጥ ከውሃውና ከቀረፋው ጋር ጨምሩ። እስኪፈላ መካከለኛ እሳት፣ ከዚያ ቀነስ አድርጋችሁ ክደኑት።

4. ከ20 እስከ 30 ደቂቃ ይብሰል፤ አልፎ አልፎ አማስሉት። አዲስ አበባ ከባሕር ጠለል በላይ በ2,300 ሜትር ገደማ ከፍታ ላይ ስለሆነች ውሃ የሚፈላው በ100 ሳይሆን በ92 ዲግሪ ሴንቲግሬድ ገደማ ነው። ስለዚህ የውጭ አገር የምግብ አሠራር «15 ደቂቃ» ቢላችሁ አትቸኩሉ፤ ሹካ ሲነካው የሚፈርስ ሲሆን ነው የበሰለው።

5. ቀረፋውን አውጡ። ጎርበጥ እንዲል ከፈለጋችሁ በሹካ፣ እንዲላም ከፈለጋችሁ በብሌንደር ፍጩት። በብሌንደር ከሆነ መጀመሪያ ትንሽ ይብረድ፤ ትኩስ ነገር በተከደነ ብሌንደር ሲፈጭ ክዳኑን ገፍቶ ሊወጣ ይችላል።

ከዚህ ሦስት ኩባያ ገደማ ይወጣል።

ሦስተኛው ደረጃ ላይ ነበር እናቴ የያዘችኝ። ውሃ ልጨምር ስል እጄን ያዘች። «ቆይ እንጂ! ሽንኩርት ስታቁላዪ ውሃ ታበዢበታለሽ?» አለችኝ። «እሳቱን አሳንሺና ክደኚው። ራሱ ውሃውን ያወጣል፤ ጣዕሙንም ራሱ ያወጣል።»

ወጥ የሚያውቅ ሰው ይህን ያውቀዋል። ሽንኩርት በዝግታ ሲቁላላ ይጣፍጣል፤ ማንም ግን ስኳር አልጨመረበትም። አፕልም እንደዚያው ነው። ከክብደቱ 85 በመቶ ገደማ ውሃ ስለሆነ የምንጨምርለት ውሃ ታቹ እንዳይዝ ብቻ ነው። እኔ ያን እሑድ የሠራሁት በሁለት ሊትር ውሃ ቀቅዬ፣ ጣዕሙን ከውሃው ጋር ደፍቼ ነበር።

በስሎም አሁንም ኮምጠጥ ካላችሁ ክዳኑን አንሥታችሁ አምስት ደቂቃ ጨምሩለት፤ ውሃው ሲቀንስ ጣፋጩ ይጎላል። ካልሆነ ግማሽ የበሰለ ሙዝ አብራችሁ ፍጩበት።

ለሕፃናት ስትሰጡ

ሕፃን እስከ 6 ወር የሚያስፈልገው የእናት ጡት ወተት ብቻ ነው። ከ6 ወር በኋላ ይህን ሶስ በጣም አልሞ በትንሽ ማንኪያ መጀመር ይቻላል። ማር ግን አንድ ዓመት ሳይሞላው በፍጹም አይሰጠው፤ ማር ውስጥ ሊኖሩ የሚችሉ የባክቴሪያ ዘሮች ሕፃን ሆድ ውስጥ አድገው ቦቱሊዝም የሚባል ከባድ ሕመም ሊያመጡ ይችላሉ። ጥሬ የአፕል ቁራጭም ጠንካራ በመሆኑ ትናንሽ ልጆችን ሊያንቅ ይችላል፤ የበሰለው ከዚህ ስጋት ያድናል።

አንድ ነገር ልብ እንበል። የአፕል ሶስ ብረትና ፕሮቲን የለውም ማለት ይቻላል። ከጥራጥሬና ከእህል የተሠራ ገንፎን፣ እንቁላልንና ሥጋን አይተካም። አብሯቸው የሚቀርብ ነው።

ስኳር ላለባቸው ቤተሰቦችም «ስኳር አልተጨመረበትም» ማለት እንደልብ ይበላ ማለት አይደለም። ግማሽ ኩባያ ሶስ 14 ግራም ገደማ ካርቦሃይድሬት አለው። ከዕለቱ ምግብ ጋር እንዴት እንደሚቆጠር ከሐኪም ጋር መነጋገር ይገባል። እናቴም ጠይቃ፣ መጠኗን አውቃ ነው የምትበላው።

አቀማመጥና አጠቃቀም

ከእሳት ከወረደ በኋላ ከሁለት ሰዓት በላይ ውጭ አይቆይ። በንጹሕና በደረቀ ብልቃጥ ፍሪጅ ውስጥ ለአምስት ቀን ያህል ይቆያል። ለረጅም ጊዜ ከፈለጋችሁ በበረዶ መሥሪያው ጉድጓድ ጉድጓድ ላይ አፍሳችሁ አቀዝቅዙትና ወደ ከረጢት ገልብጡት፤ ለሁለት ወር ጣዕሙን ይዞ ይቆያል። አንዷ ኩብ ለአንድ ሕፃን መጀመሪያ ትበቃለች። መብራት ጠፍቶ ከቀለጠ መልሳችሁ አታቀዝቅዙት። ልጁን ስታበሉም ከብልቃጡ ቀጥታ ሳይሆን ወደ ሳህን ቀንሳችሁ ይሁን፤ አፍ የነካው ማንኪያ የቀረውን ያበላሻል።

ለአዋቂውም ብዙ ጥቅም አለው። ጠዋት አጃ ላይ፣ እርጎ ላይ፣ ፓንኬክ ላይ በማር ፈንታ ይገባል። በጾም ወራት ኬክ ለምትጋግሩ ደግሞ ሩብ ኩባያ ሶስ (60 ግራም ገደማ) የአንድ እንቁላልን ቦታ ይይዛል። ኬኩ ትንሽ ጠቅጠቅ ይላል፤ ግን አይደርቅም፣ ስኳሩንም መቀነስ ትችላላችሁ።

ያን ቀን ድስቱን ስንከፍት ቤቱ ቀረፋ ቀረፋ ሸተተ። እናቴ በማንኪያ ጫፍ ቀመሰችና ዝም አለች። እኔም የስኳር ዕቃውን እያየሁ ዝም አልኩ።

«ይሄ ምን ይጨመርበታል?» አለች በመጨረሻ። «ጣፋጭ ነው እኮ።»

ይቅርታ የጠየቅኳት ያኔ ነው። እሷ ግን «ተይው፣ አንቺም ለልጅሽ ብለሽ ነው» ብላ አለፈችው።

አሁን እሑድ እሑድ አፕሉን በፌስታል ይዛ የምትመጣው እሷ ናት። ለልጄ በትንሿ ሳህን፣ ለራሷ በለካችው ግማሽ ኩባያ ትቀዳለች። ጎን ለጎን ተቀምጠው አንድ ዓይነት ነገር ይበላሉ። ለአንዷ የተፈቀደ፣ ለሌላዋ የተከለከለ የሚባል ነገር በዚያ ገበታ ላይ የለም።