ቅንፍ የማያውቀው ስሌት

ከባሕር ዳር በሞጣና በቢቸና አድርጎ ደጀን በሚወጣው መንገድ ዳር ሁለት ዓይነት ሒሳብ ጎን ለጎን ይኖራል። አንዱ የቀለም ትምህርት ቤቱ ነው፤ መጀመሪያ ቅንፍ፣ ቀጥሎ ማባዛትና ማካፈል፣ በመጨረሻ መደመርና መቀነስ ይላል። ሌላው እንደ ዲማ ጊዮርጊስ ባሉ ደብሮች ጥላ ሥር የኖረው የአብነት ትምህርት፣ በተለይም የበዓላትና የአጽዋማት ቀን የሚወጣበት ስሌት፣ ባሕረ ሐሳቡ ነው። የቤተ ክርስቲያን ትውፊት ስሌቱን ለእስክንድርያው 12ኛ ሊቀ ጳጳስ ለድሜጥሮስ ይሰጣል። ቅንፍ በአውሮፓ ሒሳብ ብቅ ያለው ደግሞ ገና በ16ኛው መቶ ዘመን ነው። ታዲያ ባሕረ ሐሳብ ያለ ቅንፍ ተራውን እንዴት ጠበቀ?

የ2018ን እናውጣ። 5500 እና 2018 ሲደመሩ ዓመተ ዓለሙ 7518 ይሆናል። በ19 ሲገደፍ፣ ማለትም ተካፍሎ ትራፊው ብቻ ሲያዝ፣ 13 ይተርፋል፤ አንዱን ለዘመን ትተን የቀረው 12 ወንበር ነው። ወንበሩ በ11 ሲባዛ 132፣ ይህም በ30 ሲገደፍ 12፤ አበቅቴ። ያው ወንበር በ19 ሲባዛ 228፣ በ30 ሲገደፍ 18፤ መጥቅዕ።

አበቅቴውን በቀለም ትምህርት ቤት ደንብ ለማግኘት (13 − 1) × 11 ብለን እንጀምራለን። ቅንፉ ከተረሳ ማባዛት ይቀድምና 13 − 11፣ ማለትም 2 ይመጣል። የአብነቱ ተማሪ እዚህ ጉድጓድ ውስጥ አይገባም፤ ወንበሩን ሳይዝ የሚያባዛው ነገር የለውማ! በየደረጃው የሚገኘው ውጤት ስም ስላለው፣ ስሙ የቅንፍን ሥራ ይሠራል። ደንቡን በቃል ከማስወጣት ይልቅ ይህ ዘዴ ለልጅ ይቀላል ባይ ነኝ።

የማስሊያ መሣሪያዎችም በስሌቱ ተራ አይስማሙም። 5500 + 2018 ÷ 19 ብለው ሲጽፉ የስልኩ ማስሊያ ማካፈሉን አስቀድሞ 5606 ከምናምን ይላል፤ ሱቅ ውስጥ የምትገኘዋ ተራ ካልኩሌተር ግን እንደተነካች ስለምትሄድ 395 ከምናምን ትሰጣለች። እኛ የምንፈልገው የኋለኛውን ነው፤ ስልኩ ላይ (5500 + 2018) ተብሎ በቅንፍ ይጻፍ።

ተራው የበለጠ የሚፈትነው የዕንቁጣጣሽን ዕለት ስናወጣ ነው። ዓመተ ዓለሙን ለ4 አካፍለን ትራፊውን እንጥላለን፤ የሚገኘው 1879 መጠነ ራብዒት ይባላል። ከ7518 ጋር ደምረን 9397ን በ7 ስንገድፍ 3 ይቀራል። ምንም ካልቀረ ሰኞ፣ 1 ከቀረ ማክሰኞ እያልን ስንቆጥር 3 ሐሙስ ላይ ይወድቃል፤ መስከረም 1 ቀን 2018ም ሐሙስ ነው የዋለው። 7518 + 7518 ÷ 4ን ከግራ ወደ ቀኝ እየደመረ የሄደ ሰው ግን 3759 ያገኛል። ይህ በ7 ሲገደፍ ምንም አይተርፍምና በዓሉን ሰኞ ያውለዋል፤ ሦስት ቀን ቀድሞ።