የዛሩ ፎቶ አንሺ፦ ለተማሪዎች የታሰበው ሥራ እንዴት በሳጥን ውስጥ ቀረ

ታላቁ ደራሲ ሊዮ ቶልስቶይ ሊሞት ሁለት ዓመት ሲቀረው፣ እ.ኤ.አ. በ1908፣ በያስናያ ፖልያና ርስቱ ወንበር ላይ ተቀምጦ ፎቶ ተነሣ። ሸሚዙ ሰማያዊ ሆኖ ይታያል። ዛሬ ይሄ ምኑ ይገርማል? ያኔ ግን ፎቶ ማለት ጥቁርና ነጭ ነበር። ያ ፎቶ አንሺውን ሰርጌይ ፕሮኩዲን-ጎርስኪን በመላ ሩሲያ ስመ ጥር አደረገው።

ፕሮኩዲን-ጎርስኪ በ1863 የተወለደ የኬሚስትሪ ሰው ነው። የቀለም ፎቶን ጥበብ በ1902 በርሊን ሄዶ ከፕሮፌሰር አዶልፍ ሚቴ ተማረ። ዘዴው እንዲህ ነው፦ አንዱን ነገር በሰማያዊ፣ በአረንጓዴና በቀይ ማጣሪያ ሦስት ጊዜ አከታትሎ በአንድ ረጅም መስተዋት ላይ ያነሣል። ከዚያ በሦስት ቀለም ብርሃን ግድግዳ ላይ ሲደራርባቸው እውነተኛው መልክ ይወጣል። ታዲያ ተነሺው ፀጥ ብሎ መቆም ነበረበት፤ ከተነቃነቀ ዳር ዳሩ በቀለም ይዥጎረጎራል።

በ1909 ዛር ዳግማዊ ኒኮላይ ፊት ቀርቦ ሥራውን አሳየ። ንጉሡ ወደዱት። ፎቶ ማጠቢያ ጨለማ ክፍል ያለው የባቡር ፉርጎና የይለፍ ወረቀት ሰጡት። ሐሳቡ ትልቅ ነበር፦ የሩሲያ ተማሪዎች የሰፊውን አገራቸውን ሕዝብና ባህል በዓይናቸው አይተው እንዲማሩ።

እስከ 1915 ድረስ ከቮልጋ እስከ ኡራል ተራሮች፣ ከካውካሰስ እስከ ማዕከላዊ እስያ ዞረ። እንጆሪ በሳህን ይዘው የቆሙ ሦስት የገጠር ልጃገረዶች፣ ሰማያዊ የሐር ካባ የለበሰው የቡኻራ አሚር፣ ከእስር ቤት ፍርግርግ ኋላ የሚያዩ እስረኞች፣ ሁሉም በዚያ መስተዋት ላይ ቀርተዋል። በሳማርካንድ ደግሞ ከመምህራቸው ጋር መጻሕፍት ይዘው የሚማሩ የአይሁድ ልጆችን አንሥቷል። የእነዚህ የቡኻራ አይሁዶች ወገኖች ኢየሩሳሌም መጥተው የቡኻሮችን ሰፈር የመሠረቱት ከዚያ ቀደም ብሎ ነው።

ግን ጊዜው አላገዘውም። በ1914 ጦርነት መጣ፣ በ1917 አብዮት። በ1918 ንጉሡ ከነቤተሰባቸው ተገደሉ፤ ፎቶ አንሺውም በዚያው ዓመት አገሩን ጥሎ ወጣ፣ አልተመለሰም። በ1944 ፓሪስ ውስጥ በስደት ሞተ። በ1948 የዋሽንግተኑ የኮንግረስ ቤተ መጻሕፍት 1,902 የመስተዋት ፎቶዎቹን ከወራሾቹ ገዛ። ይሁንና ሦስቱን ምስል አስማምቶ ቀለሙን ማውጣት ከባድ ስለነበር ለብዙ ዓመታት ያያቸው ጥቂት ሰው ነው። ኮምፒውተር መጥቶ በ2001 ትልቅ ኤግዚቢሽን ሲከፈት ነው ዓለም የተደነቀው። ለሩሲያ ልጆች የታሰበው ሥራ፣ ልጆቹ አርጅተው ካለፉ በኋላ በባዕድ አገር ታየ።

በዚያው ዘመን በዛር ግዛት ሥር በነበረችው ሎድዝ ከተማ የተወለደው ዶክተር ያዕቆብ ፋይትሎቪች ወደ ቤተ እስራኤል መንደሮች ይጓዝ ነበር። በ1904 መጀመሪያ ሄደ፣ በ1908 ተመለሰ። ስለ ሁለተኛው ጉዞው በ1910 በጀርመንኛ ያሳተመው መጽሐፍ ሥዕሎች አሉት። ከዚያ ወዲህ ግን ስንቱ ቤተሰብ በሱዳን በረሃ በእግሩ ሲወጣ አንዲት ፎቶ እንኳ ሳይዝ ቀረ!

ከፕሮኩዲን-ጎርስኪ ሥራዎች አንዱ ለሽማግሌዎች የተለየ ትርጉም አለው። በ1909 የተነሣው አዛውንት ስሙ ከነዕድሜው ተጽፎለታል፦ ፒንኹስ ካርሊንስኪ፣ 84 ዓመት፣ 66 ዓመት ያገለገለ፣ የቼርኒጎቭ የውሃ በር ተቆጣጣሪ። ስሙ ያው ፒንሐስ ነው። ከመቶ ዓመት በላይ አልፎም ማን እንደነበረ ይታወቃል። እንጆሪ የያዙት ልጃገረዶች ግን ስማቸው አልተጻፈም፤ መልካቸው አለ፣ እነማን እንደነበሩ የሚናገር የለም።

በየቤቱ ግድግዳና መሳቢያ ውስጥ ያሉ የጎንደርና የትግራይ ፎቶዎችም እንደዚያው ናቸው። አያት በሕይወት እያለ «ይቺ ማን ናት? ይሄ መንደር የት ነው?» ተብሎ ከኋላው ካልተጻፈ፣ ለልጅ ልጅ የሚደርሰው ስም የሌለው ፊት ብቻ ነው። ለዚህ ደግሞ የንጉሥ ባቡር አያስፈልግም፤ እስክሪብቶና ግማሽ ሰዓት ይበቃል።