የመንጃ ፈቃድ ቲዎሪን በአፕ ስታጠኑ "ሐ"ን አትሸምድዱ

ታክሲ ሰልፍ ላይ ቆሞ ስልኩን ጠቅ ጠቅ የሚያደርግ ጓደኛ የሌለው ማን ነው? ጌም እየተጫወተ አይደለም፤ የመንጃ ፈቃድ ቲዎሪ እያጠና ነው። አዲስ አበባ ላይ ፈተናው በኮምፒውተር ስለሚሰጥ በአፕ መለማመዱ ጥሩ ነው። ችግሩ አጠቃቀማችን ላይ ነው።

እኛም ሰሞኑን የተወሰኑ የአማርኛ አፖችን አውርደን ሞክረናል። አንዱን ሦስት ጊዜ ስንደጋግመው ውጤታችን ተተኮሰ። ደስ አለን። በኋላ ስናስተውለው ግን ጥያቄውን ሳናነብ "ሐ"ን እየነካን ነበር። ጥያቄው በሌላ ቃል ቢመጣ አለቀልን።

ስለዚህ ምክንያቱን ያዙ። ምልክት ላይ ቅርጹን እዩ፦ ቀይ ጠርዝ ያለው ሦስት ማዕዘን ያስጠነቅቃል፣ ቀይ ጠርዝ ያለው ክብ ይከለክላል፣ ሰማያዊ ክብ ያስገድዳል። "ቁም" ስምንት ማዕዘን፣ "ቅድሚያ ስጥ" ደግሞ የተገለበጠ ሦስት ማዕዘን ስለሆኑ ከጀርባቸው ብታዩዋቸው እንኳ ይለያሉ። ይቺን ከያዛችሁ አፑ ላይ ያላያችሁት ምልክት ቢመጣም ትገምታላችሁ።

የፍሬን ጥያቄም እንደዚያው ነው። በሰዓት 60 ኪሎ ሜትር የሚሄድ መኪና በሴኮንድ ወደ 17 ሜትር ይጓዛል። እግራችሁ ፍሬን እስኪረግጥ አንድ ሴኮንድ ከፈጀ 17 ሜትር ሄዳችኋል፤ መኪናው ግን ገና መቀነስ አልጀመረም። ፍጥነቱ እጥፍ ሲሆን ደግሞ ፍሬን ከተያዘ በኋላ የሚሄደው ርቀት አራት እጥፍ ይሆናል። ዜብራ ላይ ሰው ሲገባባችሁ "ሐ" አያድናችሁም።

ሌላው የአፑ ዕድሜ ነው። በ2016 ዓ.ም. የወጣው የትራፊክ ቁጥጥር ደንብ ቁጥር 557 የቅጣት መጠኖችን ቀይሯል። ከሞከርናቸው አፖች አንዱ ግን አሁንም በድሮው ቅጣት ነው የሚያርመው! ከማውረዳችሁ በፊት መጨረሻ የታደሰበትን ቀን እዩ፤ ከተጠራጠራችሁ አሰልጣኛችሁን ጠይቁ።

የተሳሳታችሁትን ደብተር ላይ ጻፉና ከሁለት ቀን በኋላ እሱን ብቻ ሥሩት። ጥያቄዎቹን የሚበውዝ አፕ ይሻላል። የስልክ ቁጥሮቻችሁንና ሜሴጃችሁን ልይ የሚል አፕ ግን ለቲዎሪ ምን ያደርግለታል? አጥፉት። ቴሌግራም ላይ "የፈተናው መልስ አለን፣ ብር ላኩ" የሚሏችሁንም ብሎክ አድርጓቸው።

ደግሞ ስልክ ብቻ የለመደ ሰው ማውዝ ሲይዝ እጁ ይደናገራል። ከፈተናው በፊት ኮምፒውተር ያለው ጓደኛ ጋር ወይም ኢንተርኔት ቤት ሄዳችሁ ግማሽ ሰዓት ተለማመዱ።