ያውቁ ኖሯል? የጨዋታ አስተላላፊው ድምፅ

● ኢትዮጵያ የምሥራቅና መካከለኛው አፍሪካ እግር ኳስ (ሴካፋ) ዋንጫን ለመጀመሪያ ጊዜ ያነሳችው በታኅሣሥ 1980 ዓ.ም. በአዲስ አበባ ስታዲየም ነው። ከዚምባብዌ ጋር 1 ለ 1 ከተለያየች በኋላ በመለያ ምት 5 ለ 4 አሸነፈች።

● የዚያን ቀን ደስታ ብዙዎች ዛሬም የሚያስታውሱት በደምሴ ዳምጤ ድምፅ ነው። የኢትዮጵያ ቴሌቪዥኑ የስፖርት ጋዜጠኛ ስሜቱን ሳይደብቅ ከሕዝቡ ጋር አብሮ ፈነደቀ።

● ከሙያው ፈር ቀዳጆች አንዱ የሆነው ፍቅሩ ኪዳኔ ከስፖርት ጋዜጠኝነት ተነስቶ የዓለም አቀፉ ኦሊምፒክ ኮሚቴ ፕሬዚዳንት የነበሩት የሳማራንሽ አማካሪ እስከ መሆን ደርሷል።

● የሬዲዮ አስተላላፊ ኳሷ የት እንዳለች፣ ማን እንደያዛት፣ ስንት ደቂቃ እንደቀረ ሳያቋርጥ ይናገራል። ቴሌቪዥን ላይ ግን ምስሉ ይህን ስለሚያሳይ ዝም ማለትም ሙያ ነው።

● ዛሬ ዋና መሥሪያ ቤቱ ባሕር ዳር እንደሆነው የአማራ ሚዲያ ኮርፖሬሽን ያሉ የክልል ጣቢያዎችም የስፖርት ጋዜጠኞች አሏቸው።

የለሚ ወጣቶች ሆይ፣ በሰፈራችሁ ሜዳ ግጥሚያ ሲኖር የተጫዋቾቹን ስም አጥንታችሁ ጨዋታውን ጮክ ብላችሁ ለማስተላለፍ ሞክሩ። ሙያው የሚለመደው እንዲህ ነው።