ነፃነትና መሬት፦ በጨርጨርና በአሜሪካ

ከሚኤሶ ወደ ጭሮ የሚወጣው መንገድ ጠመዝማዛ ነው። መኪናው መታጠፊያውን ሲዞር ቆላው ከዓይን ይጠፋል፤ ደጋው ይታያል። የአገር ታሪክም መታጠፊያ አለው። ከመታጠፊያው በፊት የነበረው ኑሮና በኋላ የመጣው ኑሮ አንድ አይሆንም። ነገር ግን ታሪክ አንዴ ስለታጠፈ ብቻ እንደታጠፈ አይቀርም። ጠባቂ ካላገኘ ወደ ኋላ ይመለሳል። ይህ እንዴት እንደሚሆን ከአገራችን ከጨርጨርና ከሩቅ አገር ከአሜሪካ ምሳሌ እናቀርባለን።

ድሮ በጨርጨር

በ1879 ዓ.ም. የንጉሥ ምኒልክ ጦር የሐረሩን አሚር የአብዱላሂን ጦር ጨለንቆ ላይ ድል አደረገ። ከዚያ ወዲህ ብዙው የሐረርጌ መሬት ለጦር አለቆች፣ ለወታደሮችና ለባላባቶች ተከፋፈለ። ከአያት ከቅድመ አያቱ ጀምሮ ያረሰው ገበሬ ገባር ሆነ።

በ1910ዎቹ ዓመታት የጨርጨር ገዢ የነበሩት ፊታውራሪ ተክለ ሐዋርያት ተክለ ማርያም ናቸው። በሩሲያ አገር የተማሩ ሰው ነበሩ። አሰበ ተፈሪን፣ የዛሬዋን ጭሮን፣ ቆረቆሩ። ገበሬው የሚከፍለው ግብር በልክ እንዲሆን ሥርዓት አወጡ። ይህ መልካም ጅምር ነበር። ነገር ግን ሥርዓቱ የመሬቱን ባለቤትነት ለገበሬው አልሰጠም። ደግሞም በአንድ ገዢ መልካም ፈቃድ ብቻ የቆመ ነገር ጽኑ መሠረት የለውም።

ስለዚህ ከጣሊያን ወረራ በኋላም ብዙ ገበሬ ጭሰኛ ሆኖ ኖረ። ካመረተው ማሽላ ሲሶውን ወይም እኩሌታውን ለባለመሬቱ ይሰፍራል። ባለመሬቱ «ውጣ» ካለው ልጆቹን ይዞ ይወጣል። ወዴት? እሱን የሚጠይቅለት አልነበረም።

መሬት የሌለው ነፃነት በአሜሪካ

አሜሪካ ሀብታም አገር እንደሆነች ሁላችንም እንሰማለን። ነገር ግን በዚያች አገር ደቡብ ክፍል የጥጥ እርሻ የሚያርሱት ከአፍሪካ በግድ የተወሰዱ ሰዎችና ልጆቻቸው ነበሩ። እንደ ከብት ይሸጡ ይለወጡ ነበር። በብዙ የደቡብ ክፍለ ግዛቶች ለባሪያ ፊደል ማስተማር በሕግ ተከልክሎ ነበር። ለምን ይመስላችኋል? ያነበበ ሰው ይጠይቃልና ነው።

እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር ከ1861 እስከ 1865 ድረስ ሰሜኑና ደቡቡ ተዋጉ። ሰሜኑ አሸነፈ። 4 ሚሊዮን ያህል ባሪያዎች ነፃ ወጡ። ይህ ትልቅ መታጠፊያ ነበር።

ታዲያ ነፃ የወጣው ሰው የት ይረስ? በ1865 መጀመሪያ ላይ ሸርማን የተባለ ጄኔራል በባሕር ጠረፍ ያለው መሬት ለነፃዎቹ እንዲከፋፈል አዘዘ። ለአንድ ቤተሰብ እስከ 40 ኤከር ተፈቀደ። ይህ 16 ሄክታር ያህል ነው፤ ከግማሽ ጋሻ ትንሽ ያንሳል። ወደ 40 ሺህ የሚሆኑ ሰዎች ሰፍረው ማረስ ጀመሩ። በዚያው ዓመት ፕሬዚዳንት አብርሃም ሊንከን ተገደሉ። የተተኩት አንድሩ ጆንሰን መሬቱ ለቀድሞዎቹ ባለመሬቶች እንዲመለስ አደረጉ። አብዛኛው ሰው ባዶ እጁን ቀረ።

ከዚያ በኋላ የሆነውን የእኛ ገበሬ ቢሰማ አዲስ ነገር አይሆንበትም። ነፃው ሰው ተመልሶ የጌታው መሬት ላይ እኩል አራሽ ሆነ። ዘሩንና ቀለቡን ከባለመሬቱ በብድር ይወስዳል። ጥጡ ሲለቀም ባለመሬቱ መዝገቡን ይገልጥና «ገና ዕዳ አለብህ» ይለዋል። አራሹ ማንበብ ካልቻለ ምን ብሎ ይከራከራል? መዝገቡ በባለመሬቱ እጅ ነው፤ ቁጥሩም እሱ የጻፈው ነው። ዕዳው ወደሚቀጥለው ዓመት ይሻገራል። እንግዲህ ሰንሰለቱ ከእግር ወልቆ ወረቀት ላይ ሰፈረ ማለት ነው።

የመምረጥ መብትም በ1870 በሕግ ተሰጥቶ ነበር። ከ1890 ጀምሮ ግን የደቡብ ግዛቶች ተራ በተራ «አንብብ፣ ተርጉም» የሚል ፈተና አመጡ። ፈታኙ ነጩ ጸሐፊ ነው። ጥቁሩ አሳምሮ ቢያነብም «ወድቀሃል» ሊለው ይችላል። ስለዚህ ማንበብ ብቻውን አልበቃም። ያነበቡት ሰዎች ተሰብስበው በአንድ ድምፅ መጠየቅ ነበረባቸው።

በአንድ ዓመት፣ በሁለት አገር

የጠየቁበትን ዓመት ልብ በሉ። በፈረንጆች በመጋቢት 1965 በአላባማ ግዛት፣ ሴልማ በምትባል ከተማ፣ ጥቁሮች የመምረጥ መብታችን ይከበር ብለው ሰልፍ ወጡ። ፖሊሶች ድልድይ ላይ ደበደቧቸው። እነሱ ግን አልተመለሱም። በነሐሴ ወር የመምረጥ መብታቸውን የሚያስከብር ሕግ ወጣ፤ በፈተና ማባረር ታገደ።

በእኛ አቆጣጠር ይህ ሁሉ በ1957 ዓ.ም. ነው። በዚያው ዓመት የካቲት ውስጥ የዩኒቨርስቲ ተማሪዎች አዲስ አበባ ላይ ወደ ፓርላማ ሄደው «መሬት ለአራሹ» አሉ። ሁለቱ ሰልፎች አልተማከሩም፤ ባሕር ይለያቸዋል። ጥያቄያቸው ግን ወንድማማች ነው።

የ1967 ዓ.ም. አዋጅና ከዚያ ወዲህ

የካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. የገጠር መሬት አዋጅ ታወጀ። የጭሰኛና የባለመሬት ግንኙነት አበቃ። ጭሰኛው ለባለመሬቱ ከመስፈር ዳነ። አንድ ቤተሰብ ከ10 ሄክታር፣ ማለት ከሩብ ጋሻ፣ በላይ እንዳይዝ ተወሰነ። ገበሬዎች ቢያንስ በ800 ሄክታር መሬት ላይ አንድ ማኅበር እንዲያቋቁሙ ተደረገ። በአሜሪካ ነፃ የወጣው ሰው ያጣውን፣ እዚህ ጭሰኛው አገኘ። መሬቱን ያዘ!

ይህም መታጠፊያ ቢሆን ቀጥ ብሎ አልሄደም። የገበሬ ማኅበሩ ቆይቶ የመንግሥት ማዘዣ ሆነ። እህል በኮታና በተቆረጠ ዋጋ ተጠየቀ። በ1978 ዓ.ም. በሐረርጌ ብዙ ሕዝብ ከማሳው ርቆ በአዲስ መንደር እንዲሰፍር ተገደደ። በ1982 ዓ.ም. ፖሊሲው ሲለወጥ ብዙዎች ወደ ቀድሞ ቦታቸው ተመለሱ። ገበሬው መሬት ነበረው፤ በመሬቱ ላይ የሚወሰነው ግን ያለ እሱ ይወሰን ነበር።

በ1987 ዓ.ም. የወጣው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 40 መሬት እንደማይሸጥ፣ አርሶ አደርም መሬት በነፃ የማግኘትና ከመሬቱ ያለመነቀል መብት እንዳለው ይናገራል። በ1997 ዓ.ም. የወጣ አዋጅ ደግሞ ለባለይዞታ የማረጋገጫ ደብተር እንዲሰጥ አዘዘ። ባልና ሚስት በጋራ የያዙት መሬት ከሆነ የሁለቱም ስም ይጻፍበታል። አዋጁ በኋላ በ2016 ዓ.ም. በሌላ ቢተካም ደብተሩ አልቀረም።

ደብተራችሁን አንብቡ

ያ ደብተር የእናንተ መዝገብ ነው። የጥጥ አራሹ መዝገብ በባለመሬቱ እጅ ነበር፤ የእናንተ ግን በእጃችሁ ነው። በሳጥን ቆልፎ ማስቀመጥ ብቻ አይበቃም። አውጡት፤ አንብቡት። ስማችሁ በትክክል ተጽፏል? የሚስት ስም አለ? ስፋቱ ስንት ሄክታር ይላል? በምሥራቅ፣ በምዕራብ፣ በሰሜን፣ በደቡብ የሚያዋስናችሁ ማን ነው? ቃሉ በኦሮምኛ ቢጻፍ ኦሮምኛ የሚያነብ ልጅ ያግዛችሁ፤ ቁጥሩ ግን ያው ቁጥር ነው፤ ራሳችሁ ታነቡታላችሁ። ያላነበባችሁት ወረቀት ላይ አውራ ጣታችሁን አታስቀምጡ። ስህተት ካገኛችሁ ሳትቆዩ ከጎረቤት ጋር ሆናችሁ የመሬት ጽሕፈት ቤቱን ጠይቁ። ብቻውን የሚጠይቅ ሰው «ነገ ተመለስ» ይባላል፤ አሥር ሆነው የሚጠይቁ ይሰማሉ።

አዋጅ መንገዱን ያጥፈዋል። መንገዱ እንደታጠፈ እንዲኖር የሚያደርገው ግን የሚያነብና የሚጠይቅ ሰው ነው።

መወያያ ጥያቄዎች

1. በአሜሪካ ነፃ የወጡት ሰዎች ተመልሰው እኩል አራሽ የሆኑት ለምንድን ነው?
2. ከ1967 ዓ.ም. በፊት በአካባቢያችሁ ስለነበረው ኑሮ ሽማግሌዎችንና አሮጊቶችን ጠይቁ። የሰማችሁትን በአምስት መስመር ጻፉ።
3. የይዞታ ደብተራችሁን ከባለቤታችሁ ጋር አንብቡ። የመሬቱን ስፋትና አዋሳኞቹን በደብተራችሁ ላይ ገልብጡ።