በሬ ይቆጠር ወይስ ጉልበት?

በቀበሌያችሁ ሀብታሙ ማነው ተብላችሁ ብትጠየቁ በምን ትለያላችሁ? መቼም መጀመሪያ በሬ ትቆጥራላችሁ። ጥማድ በሬ ያለው ራሱን ችሎ ያርሳል። አንድ በሬ ብቻ ያለው ከጎረቤቱ ጋር ይቀናጃል። ምንም የሌለው መሬቱን ለእኩል ይሰጣል። ቀጥሎ ጎተራው ይታያል። እህሉ እስከ አዲሱ እህል ያደርሳል ወይስ ሰኔ ላይ ያልቃል? በ1997 ዓ.ም. ሴፍቲኔት ሲጀመርም፣ ተረጂው እንዲለይ የታሰበው የአካባቢው ሰው ተሰብስቦ ይህንኑ እያየ ነበር።

«መደብ» የሚለው ቃል ለማናችንም እንግዳ አይደለም። ከግድግዳ ጋር በጭቃ የተሠራው መቀመጫ መደብ ነው። ችግኝ የሚፈላበትም መደብ ይባላል። ስለ ሰው ሲነገር ግን፣ ሰው በኑሮው ከማን ጋር እንደሚመደብ ማለት ነው። ታዲያ መለኪያው ምን ይሁን? ያለው ሀብት ነው ወይስ ሀብቱን ያገኘበት መንገድ? ሁለቱ ይለያያሉ። ባለ አራት በሬው በራሱ ላብ ያፈራ ሊሆን ይችላል። ባለ ሁለት በሬው ደግሞ ሌላው አርሶለት ይበላ ይሆናል።

በዚህ ጥያቄ የቻይና ገበሬዎች ብዙ ተሟግተውበታል። በ1942 ዓ.ም. የቻይና መንግሥት የመሬት ሕግ አወጣ። የገጠሩ ሰው ባለመሬት፣ ሀብታም ገበሬ፣ መካከለኛ ገበሬ፣ ድሃ ገበሬና ቅጥር ሠራተኛ እየተባለ ተመደበ። መለያው የመሬቱ ስፋት ብቻ አልነበረም። ዋናው ጥያቄ «የሚሠራው ማነው?» የሚል ነበር። ባለመሬት የሚባለው እሱ ሳይሠራ በጢሰኛ ኪራይ የሚኖረው ነው።

እሺ፣ «ሠርቷል» የሚባለውስ ስንት ሲሠራ ነው? ደንቡ ለዚህም መልስ ነበረው። ከቤተሰቡ 1 ሰው በዓመት 4 ወር ዋና ሥራ ከሠራ፣ ያ ቤተሰብ ሠርቷል ይባላል። ዋና ሥራ ማረስ፣ መትከልና ማጨድ ነው። አረም ማረምና ከብት መጠበቅ ግን ረዳት ሥራ ተባሉ። ጎንበስ ብሎ ጤፍ ያረመ ሰው ይህን ሲሰማ ሳይገረም አይቀርም! የሚያርመውና የሚጠብቀው ማን እንደሆነ እናንተ ታውቃላችሁ። ሴቶችና ልጆች ናቸው። ደንቡን የጻፉት ሰዎች ይህን አልመዘኑትም።

በሀብታሙና በመካከለኛው ገበሬ መካከል ያለው ወሰን ደግሞ በሒሳብ ተሰመረ። አንድ ቤተሰብ ከቅጥር ሰው ጉልበት፣ ከመሬት ኪራይና ከአራጣ የሚያገኘው ከጠቅላላ ገቢው ስንት እጅ ነው? በ1926 ዓ.ም. ኮሚኒስቶቹ በያዙት አካባቢ ወሰኑ ከመቶ 15 ነበር። በ1940 ዓ.ም. ከመቶ 25 ሆነ። እስቲ እኛም እናስላው። ገቢው 20 ኩንታል የሆነ ቤት፣ ከዚያ ውስጥ 4 ኩንታሉን በሌላ ሰው ጉልበት ቢያገኝ፣ ይህ ከመቶ 20 ነው። በፊተኛው ደንብ ሀብታም ነው። በኋለኛው ደንብ መካከለኛ ነው። ሰውዬው ያው፣ እህሉም ያው! በዚያን ጊዜ ከሀብታም ገበሬ ትርፍ ከብቱ፣ መሣሪያውና እህሉ ይወሰድ ነበር። ስለዚህ ያቺ ከመቶ 10 ልዩነት የበሬ ጉዳይ ነበረች።

መደቡ የሚወሰነው በመንደሩ ስብሰባ ነው። ባለጉዳዩ የራሱን ይናገራል፤ ጎረቤት ያመሳክራል። በ1942ቱ ሕግ ያልተስማማ ሰው ውሳኔው ከጸደቀ በኋላ በ15 ቀን ውስጥ ይግባኝ ማለት ይችላል። ጉልበት አጥታ ጥቂት መሬቷን ያከራየች መበለት ባለመሬት አትባልም። የእኛ የ1967ቱ የመሬት አዋጅም ቅጥር ጉልበትን ሲከለክል፣ ሌላ መተዳደሪያ ለሌላት ሴት፣ ለታመመና ላረጀ ሰው በሩን ክፍት ትቶ ነበር። ይህ ደግ ሐሳብ ነው።

በቻይና ብዙ ጢሰኛ መሬት አገኘ። ባለመሬቱም ቢሆን ሠርቶ እንዲበላ ድርሻው እንዲሰጠው ሕጉ ያዝዝ ነበር። በስብሰባዎቹ ላይ ግን ብዙዎች ተደበደቡ፤ ብዙዎችም ተገደሉ። ሌላም ክፉ ነገር መጣ። ባለመሬት የነበረ ሰው 5 ዓመት ሕግ አክብሮ ከሠራ መደቡ ሊለወጥ ይችላል ተብሎ ነበር። ስሙ ግን አልለቀቀም። መሬቱ ከተወሰደ፣ ኋላም የሁሉም መሬት በማኅበር ከታረሰ በኋላ፣ የመደቡ ስም ከአባት ወደ ልጅ ይተላለፍ ጀመር። አንድ ጋሻ ያልነበረው፣ አንድ ቀን ኪራይ ያልተቀበለ ጎረምሳ «የባለመሬት ልጅ» ተባለ። ትምህርት ሲፈልግ ይህ ይነሣበታል፤ ሚስት ሲፈልግም ይነሣበታል። የሰውን ሥራ ሊለካ የተጀመረው ነገር ዘር መቁጠሪያ ሆኖ አረፈው።

ይህ ስያሜ የተነሣው በ1971 ዓ.ም. ነው። ለብዙ ዓመታት ሕግ አክብረው የኖሩት የቀድሞ ባለመሬቶችና ሀብታም ገበሬዎች እንደማንኛውም የእርሻ ማኅበር አባል እንዲቆጠሩ ተወሰነ። የልጆቻቸውም ትውልድ ከዚያ ወዲያ «የማኅበር አባል» ተብሎ እንዲጻፍ ታዘዘ። በ1942 ዓ.ም. በእናታቸው ጀርባ ታዝለው ከስብሰባው የነበሩ ሕፃናት በዚያን ጊዜ ሠላሳ ዓመት ገደማ ሆኗቸው ነበር።