የአሥር ዶላሩ ካዝና ሲፈተን

አራቱን በ40 ዶላር ነው የገዟቸው። አንዱ አሥር ዶላር መሆኑ ነው። «የፋብሪካውን ብትል ከ25 እስከ 30 ይሉሃል፤ እኔ በአንዱ ዋጋ ሦስት ያህል አነሣሁ» ብለው ጋሼ ሲነግሩኝ ፊታቸው ላይ የነበረውን ደስታ መርካቶ ተከራክሮ ያሸነፈ ሰው ብቻ ያውቀዋል።

የማወራው ስለ ሽጉጥ ካዝና ነው። ጋሼን ስማቸውን አልጠቅስም። ዳላስ ውስጥ ከአንድ ጋዝ ስቴሽን ጋር የተያያዘች ትንሽ ሱቅ አላቸው፤ ሌሊቱን ራሳቸው ይሠራሉ። አገር ቤት መምህር ነበሩ። ባለፈው ዲሴምበር ከሌሊቱ ስምንት ሰዓት ላይ ሁለት ጎረምሶች ፊታቸውን ሸፍነው ገቡና 83 ዶላርና ሲጋራ ይዘው ሄዱ። ጋሼ ያለምንም ክርክር ሰጧቸው፤ ደግ አደረጉ። ለ83 ዶላር ሽጉጥ ማውጣት እብደት ነው ብዬ ያን ጊዜም ነግሬአቸዋለሁ፣ ዛሬም እላለሁ። ነገር ግን ከልጆቹ አንዱ በር ላይ ዞር ብሎ «እመለሳለሁ» ማለቱ እንቅልፍ ነሣቸው። በወሩ ያገለገለ ግሎክ 19 ገዙ፤ ቀጥሎም ከአንድ የጦር መሣሪያ ባዛር እነዚህን አራት ካዝናዎች።

እኔ ወደዚህ ነገር የገባሁት በእንጀራዬ ምክንያት ነው። አዲስ አበባ ጋዜጠኛ ነበርኩ፤ ውጭ አገር ተልኬም ሁለተኛ ዲግሪዬን ይዣለሁ። እዚህ ግን ዲግሪው ግድግዳ ላይ ተሰቅሎ እኔ የአንድ መጋዘን የሌሊት ዘበኛ ነኝ። መሣሪያ የሚይዝ ሴኪዩሪቲ ስለሆንኩ ስቴቱ ያዘዘውን ኮርስ ወስጃለሁ፣ ኢላማም ተኩሼ አልፌአለሁ። በኮርሱ ላይ አስተማሪያችን ደጋግሞ ይለን የነበረ አንድ ነገር አለ፦ ሽጉጥ ሲቀረቀር መጀመሪያ የሚጠረጠረው ሽጉጡ ሳይሆን ካዝናው ነው።

ምክንያቱ ቀላል ነው። ካዝና ሲታይ ባዶ ሣጥን ይመስላል እንጂ የሚሠራው ሥራ ከባድ ነው። ውስጡ ሞላ አለ። ሞላው አንዲት ፕላስቲክ ወደ ላይ ይገፋል፤ ፕላስቲኳ ጥይቱን ትገፋለች፤ አፉ ላይ ያሉት ሁለት ከንፈሮች ደግሞ ጥይቱ እንዳያመልጥ ይይዙታል። ሽጉጡ ሲተኮስ የላይኛው ተንሸራታች ብረት ወደ ኋላ ሄዶ ቀለሁን ይተፋና ሲመለስ አዲሱን ጥይት ከከንፈሮቹ መሐል ገፍቶ ያጎርሰዋል። ይህ ሁሉ ዐይን ከሚጨፈንበት ጊዜ ባነሰ ፍጥነት ያልቃል። ሞላው ትንሽ ከሰነፈ ጥይቱ በቦታው ሳይደርስ ብረቱ ይቀድመዋል። ከንፈሩ ትንሽ ከሰፋ ጥይቱ አፍንጫውን ቀና ወይም ደፋ አድርጎ ይመጣል። ከዚያ በኋላ እጅዎ ላይ ያለው ሽጉጥ ሳይሆን የብረት ቁራጭ ነው።

«ተኩሰው ሞክረዋቸዋል?» አልኳቸው።

«ምኑን?»

«ካዝናዎቹን።»

«አዲስ ነው እኮ! ከነፕላስቲኩ ነው የገዛሁት።»

አባቴ፣ ነፍሱን ይማርና፣ ጠመንጃ ሲገዛ ሻጩን ይዞ ከገበያ ወጣ ይልና ገደል አፋፍ ላይ ተኩሶ ሳያይ ገንዘቡን አይፈታም ነበር። እኛ ልጆቹ አሜሪካ መጥተን በፕላስቲክ የታሸገ ሁሉ የተፈተነ ይመስለናል።

ይባስ ብሎ ከሽጉጡ ጋር የመጡትን ሁለቱን የፋብሪካ ካዝናዎች ጋሼ እንዳያረጁባቸው ቤት ሣጥን ውስጥ ቆልፈውባቸው፣ ባንኮኒው ሥር በሚያኖሩት ሽጉጥ ውስጥ የገባው ከአሥር ዶላሮቹ አንዱ ነበር። ጥሩው ሲኒ ለእንግዳ፣ የተሸረፈው ለቤተሰብ መሆኑ ነው።

እሑድ ከቤተ ክርስቲያን መልስ ሄድን። እትዬ የተኩሱን ነገር አልወደዱትም፤ ቢሆንም ነጭ የጥፍር ቀለማቸውን አበደሩንና በየካዝናው ሥር ቁጥር ጻፍንበት። ይህ ትንሽ ነገር ይመስላል፤ ዋናው ግን እሱ ነው። ቁጥር የሌለው ካዝና ሲቀረቀር ያነሡትና ከሌሎቹ ጋር ይቀላቅሉታል፤ በሚቀጥለው ሳምንት የትኛው እንደነበረ አያውቁም። ከአንድ እስከ አራት ርካሾቹን፣ አምስትና ስድስት የፋብሪካዎቹን አደረግን። እያንዳንዱን አራት ጊዜ በ15 ጥይት እየሞላን፣ በካዝና 60 ጥይት፣ በጠቅላላው 360 ማለት ነው። 50 የሚይዘው ፓኮ 15 ዶላር ሆኖ ስምንት ፓኮ ገዛን፤ 120 ዶላር። «የ40 ዶላር ዕቃ ለመፈተን 120 ዶላር?» አሉ ጋሼ። ትርፉ የቱ ላይ እንደቀረ እኔም አልነገርኳቸውም።

የፋብሪካዎቹ 120 ጥይት በሉ፤ አንዲት እንከን አልታየባቸውም። ቁጥር አንድም እንዲሁ 60ውን ጨረሰ።

ቁጥር ሁለት ላይ ችግር መጣ። ካዝና ሲያልቅ ፕላስቲኳ ማቆሚያውን ገፍታ ብረቱን ወደ ኋላ ከፍታ ማቆም አለባት፤ ባዶ መሆኑን የምናውቀው በዚያ ነው። ከአራቱ ዙር በሦስቱ ተዘጋ። እዚህ ላይ ቸኩሎ መፍረድ ስሕተት ነው። ግሎክ የሚይዝ ሰው አውራ ጣቱን ማቆሚያው ላይ ካሳረፈ ብረቱ ሊዘጋ ይችላል፤ ጥፋቱ የእጅ እንጂ የካዝና አይሆንም። ስለዚህ እኔ አውራ ጣቴን አንሥቼ ተኮስኩ፣ ጋሼም ተኮሱ። ሁለታችንም እጅ ላይ ያው ሆነ። በዚያው እጅና በዚያው ሽጉጥ ቁጥር አምስትን ስናስገባ በየጊዜው ተከፍቶ ቆመ። የጥናት ዘዴ ያስተማሩኝ ፕሮፌሰር አንድ ነገር ብቻ ለውጡ፣ ሌላውን ሁሉ እንዳለ ተዉት ይሉን የነበረው ዳላስ ውስጥ ሥራ ላይ ዋለ።

ቁጥር አራት ሲሞላ ጎኑ ስለሚያብጥ እጀታው ውስጥ ለመግባት በመዳፍ መመታት ነበረበት፤ ባዶውም ቢሆን ቁልፉ ሲጫን አይወድቅም፣ በጣት እየተጎተተ ነው የሚወጣው። በኋላ ጋራዥ ውስጥ ባሩድ የሌለው የውሸት ጥይት ሞልተን ከወገብ ከፍታ ሲሚንቶ ላይ ስንጥለው የታች ክዳኑ ተፈናጥሮ ሞላው መኪናው ሥር ገባ።

አሁን ቁጥር ሦስት።

በመጀመሪያው ዙር 13 ጥይት በደንብ ተኮሰ። ዐሥራ አራተኛው አፍንጫውን ደፍቶ ተቀረቀረ። ጋሼ ካዝናውን አውጥተው፣ አራግፈው፣ እንደገና ሞሉ። በሁለተኛውም ዙር መጨረሻ ላይ ተቀረቀረ። ሦስተኛውን እኔ ተኮስኩ፤ ያው ነው። አራተኛው አለፈ። ጋሼ ካዝናውን ገልብጠው ቁጥሩን ለረጅም ጊዜ አዩት። ከዚያ በላዩ ላይ ያለውን ትንሽ ጭረት አሳዩኝ። «ባንኮኒው ሥር የነበረው ይሄ ነው፤ አራት ወር» አሉኝ። ሌላ አልተናገሩም። ጆሮ መከላከያቸውን አውልቀው አግዳሚው ላይ ተቀመጡ፤ እኔም ወሬ ለማስቀየር ቀለህ መልቀም ጀመርኩ።

ምክንያቱን ለማግኘት ፈታነው። የቁጥር ሦስትን ሞላ ከፋብሪካው ሞላ ጎን ስናቆመው በአንድ ጣት ያህል ያጥራል። ካዝናው ሙሉ ሲሆን ሞላው ስለታመቀ ኃይል አለው፤ ወደ መጨረሻው ሲደርስ ግን ተዘርግቶ ይደክማል። የፋብሪካውን ሞላ አስገብተን ሁለት ጊዜ ስንሞላው 30ውም ጥይት ያለ ችግር ወጣ። ስለዚህ ጥፋቱ የሞላው ነበር፤ የሣጥኑም፣ የሽጉጡም፣ የጋሼ እጅም አልነበረም።

በዚህ ተነሥቶ የፋብሪካው ስም የሌለበት ሁሉ ቆሻሻ ነው የሚል ካለ እኔ አልስማማም። የጣሊያኑ መክጋር ለስመ ጥር ሽጉጥ ሠሪዎች ካዝና ይሠራል፤ ብዙ ሰው «ኦሪጂናል» ብሎ የሚገዛው የሱን ሥራ ነው። ማግፑል ለግሎክ የሚሠራው ካዝናም እንደ ፋብሪካው ውስጡ ብረት የለውም፣ ከፋብሪካው ይረክሳል፣ ብዙ ተኳሾችም ይጠቀሙበታል። በተቃራኒው ደግሞ መንግሥት የገዛውም ይቀረቀራል። ከ2003 ጀምሮ ኢራቅ የዘመቱ የአሜሪካ ወታደሮች በቤሬታ ኤም9 ሽጉጣቸው ካዝና ተማርረው ነበር። ለመከላከያው የተሠሩት ካዝናዎች የተቀቡት ሻካራ ፎስፌት አሸዋና አቧራ እየያዘ ጥይቱን ወደ ላይ መግፋት ስላቃተው ነው፤ በኋላ በለስላሳና ደረቅ ሽፋን ተለወጠ። እንግዲህ ሽጉጡ ያው ሽጉጥ ሆኖ፣ ሣጥኑ ላይ የተቀባው ቀለም ብቻ ወታደሩን ባዶ እጁን ሊያስቀረው ይችል ነበር ማለት ነው።

ከኛ ቀድመው የመጡት ደግሞ ሌላ ዘመን ያስታውሳሉ። ከሴፕቴምበር 1994 እስከ ሴፕቴምበር 2004 ከ10 ጥይት በላይ የሚይዝ አዲስ ካዝና ለሕዝብ መሸጥ በፌዴራል ሕግ ተከልክሎ ስለነበር ለአንድ አሮጌ የግሎክ ካዝና ከ100 ዶላር በላይ ይጠየቅ ነበር። ዛሬ ሕጉ በየስቴቱ ነው። ሜሪላንድ ያላችሁ ከ10 በላይ የሚይዝ ካዝና መሸጥ ከ2013 ጀምሮ እንደተከለከለ አትርሱ፤ ኮሎራዶ ደግሞ በዚያው ዓመት ወሰኑን 15 አድርጋለች። ቴክሳስ የገዛ ዘመድ ስለላከላችሁ ብቻ ሕጋዊ አይሆንም።

ወደ ቁጥር አንድ ልመለስ፤ ያለ እንከን ያለፈው እሱ ነው። ጋሼ «እንግዲህ ይሄን ባንኮኒው ሥር አደርገዋለሁ» አሉ። እኔ ደግሞ ገና ነው አልኳቸው። 60 ጥይት ሳይቀረቀር ቢተኮስ ከቶ አይቀረቀርም ማለት አይደለም። በስታቲስቲክስ አንድ ቀላል ስሌት አለ፦ አንድ ነገር ተሞክሮ ምንም ጥፋት ካልታየበት ሦስትን በሙከራው ብዛት ያካፍሉ፤ እውነተኛው የጥፋት መጠን እስከዚያ ሊደርስ ይችላል። ሦስት ለ60 ሲካፈል ከ20 አንዱ ነው። 60ውን ያለፈው ካዝና በየ20 ጥይቱ አንድ ጊዜ የሚቀረቀር ሆኖ በዕድል አልፎ ሊሆን ይችላል ማለት ነው። 200 ያለ እንከን ቢተኩስ እንኳን እስከ ከ66 አንዱ ድረስ ሊሆን ይችላል።

የቀድሞው የሒሳብ መምህር ስሌቱን ራሳቸው በእስክሪብቶ ደግመው ሠሩት። «ተማሪ አንድ ፈተና አለፈ ብለን ጎበዝ ነው አላልንም ነበር» አሉና ሦስት ፓኮ ጨመሩ። ቁጥር አንድ 200ውን ጨረሰ። ቢሆንም ባንኮኒው ሥር ያለችው ዛሬ ቁጥር አምስት ናት። ቁጥር ስድስት ተቆልፎ ይጠብቃል፤ ቁጥር አንድ ለልምምድ ሆኗል። ቁጥር ሁለትም ለልምምድ ብቻ ተፈቅዶለት በጥፍር ቀለም መስቀል ተደርጎበታል። ባለ ባዛሩ የሦስትንና የአራትን ገንዘብ እንዲመልስ ተጠይቆ «የተተኮሰበት አይመለስም» ብሎ ሸኝቷቸዋል። ሳይተኮስበት እንዴት እንደሚታወቅ አልነገራቸውም።

ማክሰኞ ሌሊት ታክሲ የሚነዳ አንድ የአገራችን ልጅ ሱቁ ቡና ሊጠጣ ገብቶ ሁለቱን ካዝናዎች ባንኮኒው ላይ አየና «ጋሼ፣ የማይፈልጓቸው ከሆነ አምስት አምስት ዶላር ልስጥዎት» አላቸው። እሱም ግሎክ 19 አለው፤ መኪናው ውስጥ ይይዛል። ጋሼ መልስ አልሰጡትም። ከጓዳ መዶሻ አምጥተው ወደ ፓርኪንጉ ወጡና ሁለቱንም ሲሚንቶው ላይ እየደረደሩ ቀጠቀጧቸው። ልጁ በመስኮቱ እያየ ቡናው እስኪቀዘቅዝ ቆመ። ተመልሰው ሲገቡ «ያንተን አምጣና እሑድ እንፈትነው፤ ጥይቱን ግን አንተ ትገዛለህ» አሉት።